በሰው ስልክ የቀረ ድምፅ

ባለቤቴ ከሞተች በኋላ የሴቶቹንም ድምፅ እኔው ማውጣት ጀመርኩ። የሕንዷን እናት፣ የቱርኳን ምቀኛ እህት፣ የኮሪያዋን ተማሪ፣ ሁሉንም ጉሮሮዬን አቅጥኜ እናገርላቸዋለሁ። ተመልካቹ አልወደደውም። ሥራዬን የሚረከበኝ ቃሊቲ መናኸሪያ አጠገብ ፊልም ማስጫኛ ሱቅ ያለው የስልጤ ጎልማሳ ነው፤ አንድ ቀን አንገቱን ሰበር አድርጎ «ጋሼ፣ ሴቶቹ ሁሉ ጉንፋን የያዛቸው ይመስላሉ እያሉኝ ነው» አለ። «ዳማከሴ አሽተው ይጠጡ በላቸው» ብዬው ወጣሁ። ንዴቴ በእሱ አልነበረም።

ሥራችንን ለማያውቅ ሰው ላስረዳ። የውጭ ፊልም ይመጣል፤ ከየት እንደመጣ አይጠየቅም። እኛ የፊልሙን ድምፅ ዝቅ አድርገን በላዩ ላይ በአማርኛ እንናገርበታለን። ሱቁ ይቀበለንና በሰዉ ስልክና ሚሞሪ ላይ ይጭነዋል፤ ሌላ ሱቅ ከእሱ ይገለብጣል፤ ከዚያ ቴሌግራም ላይ ይወጣና ባለቤት አልባ ይሆናል። ስማችንን አንናገርም፤ መልካችንን የሚያውቅ የለም። እኔ አቃቂ ካለ ፋብሪካ በሕመም ጡረታ የወጣሁ የዕቃ ግምጃ ቤት ሠራተኛ ነኝ። እንግሊዝኛዬ ከመለዋወጫ ካታሎግ የተለቀመ ቢሆንም ከፊልሙ ሥር የሚጻፈውን ለማንበብ ይበቃኛል። ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ከደረሰን በኋላ መኝታ ቤቱን ስቱዲዮ አደረግነው። መስኮቱ ላይ ብርድ ልብስ እንሰቅላለን፣ ማይኩን በመካከላችን እናቆማለን። ወንዶቹ የእኔ፣ ሴቶቹና ሕፃናቱ የእሷ።

ባለቤቴ እንግሊዝኛ አታውቅም። አያስፈልጋትምም ነበር፤ የተዋናይዋን ፊት አይታ ትናገራለች። «እንዲህ አላለችም እኮ» ስላት «ማለት የነበረባት ግን ይኼንን ነው» ትለኛለች። በዚህ ስንት ጊዜ ተኮራርፈናል። እሷ በገባችበት ፊልም የሙምባይ ፍቅረኞች ሳሪስ አቦ ጋ ታክሲ ያመልጣቸዋል፤ ሌባው ተይዞ ቂሊንጦ እስር ቤት ይወርዳል። መቁረጥና መቀጠል አንችልበትም ነበር። ፊልሙን ከፍተን አንዴ ከጀመርን እስኪያልቅ ነው፤ ሳል ከገባ ሳሉ ይገባል፣ የጎረቤት ውሻ ከጮኸም ሕንድ አገር እንደጮኸ ይቆጠራል።

ሕመሟ ረጅም አልነበረም። ኮዬ ፈጬ ሰው ጠዋት በአውቶቡስ ይወጣል፣ ማታ ደክሞት ይገባል፤ ሦስተኛ ፎቅ ያለው አራተኛ ፎቅ ያለውን አያውቀውም። ዕድራችን ያለው አቃቂ፣ የድሮው ሰፈራችን ነው። ድንኳኑን አምጥተው በሁለት ብሎክ መካከል ተከሉልን። ሽማግሌዎቹ በአንድ ሚኒባስ መጥተው ተቀመጡ፣ መንገድ ሳይዘጋ ብለውም በጊዜ ተመለሱ። የተቀቀለው ንፍሮ ተረፈ። ያን ሁሉ ሰው በድምፅዋ ስታስቅና ስታስለቅስ የኖረች ሴት ንፍሮዋን የሚዘግንላት አጣች። ይህ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

ከቀብሩ በኋላ ብዙም ሳይቆይ መብራት ሄዶ ሲመለስ በኃይል መጣና ኮምፒውተሩን አቃጠለው። ጠጋኙ ከፍቶ አይቶ ራሱን ነቀነቀ፤ ለሥራዬ ሌላ አሮጌ ገዛሁ። በውስጡም ያን ያህል ነገር አልነበረም። ቦታው ስለሚጠበን አንድ ፊልም ሱቁ ከተረከበን በኋላ አጥፍተን ለሚቀጥለው ቦታ እንለቅ ነበር፤ ከፈለግን ከሱቁ መልሰን እናመጣለን ብለን። ጎተራችን ሱቁ ነበር። ፎቶዋ ግድግዳ ላይ አለ፤ ልብሷ ቁም ሣጥን ውስጥ አለ። ድምፅዋ ግን ቤቴ ውስጥ የለም። ስልክ ላይ ብዙ አናወራም ነበር፣ ሁልጊዜ አብረን ነበርና።

እኔ በዚያ ቤት ውስጥ ከማይክ በቀር የማነጋግረው ሰው የለኝም። ቀኑን ሙሉ ለባልና ለሚስት፣ ለአማትና ለምራት ስናገር እውልና ፊልሙ ሲያልቅ ቤቱ ጭር ይላል። ለራሴ ስል በራሴ ድምፅ አንድ ቃል ሳልናገር የዋልኩባቸው ቀናት ብዙ ናቸው።

የረቂቅ አዋጁ ወሬ የመጣው በዚህ መሐል ነው። በኢንተርኔትና በስልክ ያለ ባለቤቱ ፈቃድ ፊልም፣ ዘፈን፣ መጽሐፍ ማባዛትና ማሰራጨት ያስቀጣል ይላል ተባለ። ያነበበውም ያላነበበውም ተረጎመው፤ በተለይ ያላነበበው። ታክሲ ውስጥ አንዱ ስልክ ይፈተሻል ሲል ሌላው ሚሞሪ ይሰበሰባል ይላል። አንድ ረዳት ቃሊቲ ጋ በሩን ከፍቶ «ዘፈን የጫናችሁ በገዛ ፈቃዳችሁ ውረዱ» ሲል ታክሲው በሙሉ ሳቀ። ከሳቁ በኋላ ግን ከፊቴ የተቀመጠችው ልጅ ስልኳን አውጥታ አንድ በአንድ ማጥፋት ጀመረች። በትከሻዋ በኩል አየኋት። ምኑን እንደምታጠፋ ለማየት አንገቴን ሳሰግግ ገላመጠችኝና ስልኳን ወደ ደረቷ ሳበች።

ያኔ ነው የደነገጥኩት። ወርጄ ወደ ሱቁ ሄድኩ። ሱቀኛው ኮምፒውተሩ ፊት ተቀምጦ ጥፍሩን ይበላል።

«ጋሼ፣ ሰምተዋል አይደል?»

«ሰማሁ። የእኛ ፊልሞች አሉ?»

«የምን ፊልም? ሳይቃጠል በቅጠል ብዬ ሁሉንም ጠራረግኋቸው። ባዶ ነው፣ ይዩት።»

«የድሮዎቹንስ?»

«የድሮዎቹንማ መጀመሪያ። እነሱን አሁን የሚጠይቀኝም የለ» አለ።

የመስታወት ጠረጴዛውን ተደግፌ ቆምኩ። ሚስቴን አጠፋሃት ልለው አልቻልኩም። እሱ ያጠፋው ፊልም ነው፤ ልጆች አሉት፣ ሱቁ እንጀራው ነው። ሌላው ቀርቶ ሻይ አዝዞልኝ ነበር። ሳልጠጣው ወጣሁ።

ቴሌግራም ላይ ፈለግሁ። የእኛን ሥራ ሲለጥፉ የነበሩት ቻናሎች ፈርተው «ለጊዜው ዘግተናል» የሚል ጽፈው ጠፍተዋል። አንድ ቻናል ላይ አንዱን ፊልማችንን አገኘሁ፤ ስከፍተው ግን ሌላ ሰው ድምፃችንን አጥፍቶ የራሱን ጭኖበታል። እሱም የእኔን ቀልዶች ሳያስቀር ነው የተናገራቸው። መሳቅም አማረኝ፤ መሳደብም አማረኝ። ቁርጡን ያወቅሁት ያን ዕለት ነው። ድምፅዋ የቀረው በማላውቃቸው ሰዎች ስልክ ውስጥ ብቻ ነው፤ እነሱም እየፈሩ በማጥፋት ላይ ናቸው።

ወረዳው በረቂቁ ላይ ሕዝቡ አስተያየት ይስጥ ብሎ ስብሰባ ሲጠራ ሱቀኛው ደወለልኝ። የአካባቢው ባለሱቆች ተሰባስበው ሊቃወሙ ነው። «ጋሼ፣ እርስዎ ይናገሩልን። ድምፅ ያለዎት እርስዎ ነዎት» አለኝ። እሺ አልኩት። እሱ ለተቃውሞ መሰለው። እኔ የምሄደው አንድ ነገር ለመለመን ነበር። የድሮዎቹ ፊልሞቻችን ያሏችሁ እባካችሁ አታጥፉብኝ፣ አንድ ቅጂ ስጡኝ፤ ይኸው ነው። ጃኬቴን አስተኮስኩ። ንግግሩን መኝታ ቤት ውስጥ ብርድ ልብሱ ፊት ቆሜ ተለማመድኩት።

አዳራሹ ጢም ብሏል። ከፊት የወረዳው ሰዎች፣ መሐል ላይ ባለሱቆችና ተማሪዎች፣ ከኋላ ደግሞ ከጠዋት ሥራ ወጥተው በቀጥታ የመጡ የቂሊንጦ ፋብሪካ ሴቶች፣ ሰማያዊ ጋዋናቸውን እንደለበሱ። መጀመሪያ የተናገረው ረቂቁን የሚደግፍ አንድ ሙዚቀኛ ነው። «ዘፈኔ በእናንተ ስልክ ሁሉ ውስጥ አለ። እኔ ግን ልጆቼን የማሳድገው ሠርግ ቤት ሌሊቱን ስዘፍን አድሬ ነው» አለ። ድምፁን ከፍ አላደረገም። አዳራሹ አጉረመረመ። እውነቱን ነው ብዬ አጨበጨብኩለት፤ በዚያ መሐል ያጨበጨብኩት እኔ ብቻ ሳልሆን አልቀርም። ሱቀኛው በክርኑ ጎሸም አድርጎኝ «ጋሼ፣ ከማን ጋር ነዎት?» አለኝ። እኔም አላውቀውም ነበር።

ከዚያ ተቃውሞው ወረደ። ባለሱቆቹ በየተራ ተነሱ። አንድ ተማሪ መጽሐፍ የሚያነበው በስልኩ እንደሆነ፣ ቤተ መጻሕፍት ፍለጋ ፒያሳ ድረስ መሄድ እንደማይችል ተናገረ። ከጋዋን ለባሾቹ አንዷ ተነስታ ማይኩን በሁለት እጇ ያዘች። «እኛ ሲኒማ ቤት የምንሄድበት ቀንም መኪናም የለንም። አራት ሆነን በተከራየናት ክፍል ውስጥ በአንድ ስልክ ነው የምናየው። እሱን ከወሰዳችሁብን ከሥራ በኋላ ምን አለን?» አለችና ተቀመጠች። ጭብጨባው ጣሪያውን አነቃነቀው።

ቀጥሎ አንድ ጠና ያሉ ሰው ማይክ ያዙ። ስለ ሌብነት ጀምረው ወደ ትውልዱ ተሻገሩ፤ ከትውልዱ ወደ ወጣትነታቸው፣ ከወጣትነታቸው ወደ ባቡር ጣቢያው ዘመን ተመለሱ። ሰብሳቢው ሰዓቱን እያሳየ ሊያስቆማቸው ሲሞክር አላዩትም። ይኼኔ ከኋላ አንዲት ሴት ረጋ ብላ «በቃህ፣ ሻይህ ቀዘቀዘ» አለች። ጋዋን ለባሾቹ በሙሉ በሳቅ ፈረሱ፤ ሳቁ ወደ መሐል ተዛመተ። ሽማግሌውም ባይገባቸውም ፈገግ ብለው ተቀመጡ።

እኔ ወደ ኋላ ዞርኩ። ያ አነጋገር የባለቤቴ ነው። «በቃህ» ብላ ትንሽ ቆም ትላለች፤ ከዚያ «ሻይህ ቀዘቀዘ»ን ወደ ታች እያወረደች ትጨርሰዋለች። ያቺ ሴት ዜማውን ሳይቀር እንዳለ አመጣችው።

ነገሩ እንዲህ ነው። አንድ ፊልም ውስጥ አባት ልጁን ይቆጣል። እኔ ስሜቱ ያዘኝና ተዋናዩ አፉን ከዘጋ በኋላም ቁጣዬን ቀጠልኩ። ልጅቷ አልቅሳ ወጥታለች፤ እኔ ባዶ ወንበር እገሥጻለሁ። ባለቤቴ ማይኩ ክፍት መሆኑን ረስታ «በቃህ፣ ሻይህ ቀዘቀዘ» አለችኝ። ስንጨርስ እንደገና እንሥራው አልኳት። «ለአንድ ቃል ብለን ፊልሙን ሙሉ? ተወው፣ ማን ይሰማዋል» አለች። ያልሰማ የለም ለካ። የፋብሪካው ሴቶች መተረቻ አድርገውታል፤ አለቃ ሲያንዛዛ፣ ባል ሲነዘንዝ፣ ሰው ነገር ሲያረዝም እሱን ይላሉ። እኔ በቤቴ ግድግዳ እያየሁ ስቀመጥ የእሷ ቃል በየቀኑ ቂሊንጦ ማሽን ሥር ይውል ነበር።

ሳላስበው እጄን አወጣሁ። ማይኩ መጣልኝ። «ክቡራንና ክቡራት» አልኩ፤ ከዚያ በላይ መሄድ አልቻልኩም። ከኋላ «ሰውዬው ነው!» አለ አንድ ድምፅ። አዳራሹ ተገልብጦ ወደ እኔ ዞረ። ስልኮች ተነሱ፣ ጭብጨባና ፉጨት ሆነ። ሰብሳቢው ሳይቀር ጥርሱ ታየ። ዝም እስኪሉ ጠብቄ «አንድ ልመና ነበረኝ» ስል እንደገና ሳቁ። በእኔ ድምፅ ልመና ሲሰሙ ፊልም ላይ ያለው ድሃ አባት ነው የሚታያቸው። በዚያ ድምፅ ስንቴ ለምኛለሁ፣ ስንቴ ሞቻለሁ።

«ጋሼ፣ የሴቶቹን ይተዉልን፣ አያምርብዎትም» አለች አንዷ። «ሴትዮዋስ የት ሄደች? እሷን ይመልሷት።»

«ሞታለች» አልኩ።

ሳቁ። አልፈርድባቸውም፤ በትክክል በዚያ ድምፅ፣ በዚያ ቃል፣ ስንት ፊልም ላይ አስቄአቸዋለሁ። እኔ አልሳቅሁም። ማይኩን እንደያዝኩ ቆምኩ። ከፊት ያሉት መጀመሪያ ዝም አሉ፣ ቀጥሎ መሐሉ፣ በመጨረሻ የኋላዎቹ። አንዲት ሴት እጇን አፏ ላይ ጫነች። ከዚያ ከየአቅጣጫው «ነፍስ ይማር» የሚል ዝቅ ያለ ድምፅ መጣ። ሰብሳቢው ከወንበሩ ተነሳ፤ የተቀመጠውም ተነሳ። ለእሷ ያን ያህል ሰው ሲቆም አይቼ አላውቅም። የመጣሁበትን ልመና ሳልናገር ማይኩን መልሼ ተቀመጥኩ።

ስንወጣ ቅድም ማይክ ይዛ የተናገረችው ጋዋን ለባሽ በሩ ላይ ጠበቀችኝ። «አባቴ፣ ቤትዎ የት ነው?»

«ኮዬ ነው ልጄ። ምነው?»

«ለቅሶ አልደረስንም እኮ።»

«ዓመቷም ወጥቷል፣ አትቸገሩ» አልኳት።

«እኛ መርዶውን የሰማነው ዛሬ ነው» አለች፤ ብሎኩንም ጠይቃኝ ሄደች። እንዲያው ለደንቡ ያለችው መሰለኝ።

እሑድ ከሰዓት በኋላ በሬ ተንኳኳ። ደረጃው ላይ ነጠላ ያዘቀዘቁ ሴቶች ተሰልፈዋል፤ አንዷ ዳቦ፣ ሌላዋ ስኳርና ሻይ ቅጠል ይዘዋል። ወንበር አልበቃ ብሎ አልጋው ላይ፣ ምንጣፉ ላይ ተቀመጡ። ፊት ለፊቴ የሚኖረው ጎረቤቴ ጫጫታውን ሰምቶ ብቅ አለ። «ማን ሞተ?» አለኝ። «ባለቤቴ» ስለው ግራ ገባው፤ ቢሆንም ገብቶ ተቀመጠ። ሳናወራ በጎረቤትነት የኖርን ሰዎች ያን ቀን ተዋወቅን።

በፎቶዋ ተከራከሩ። «ወፍራም ትመስለኝ ነበር» አለች አንዷ። ከደቡብ እንደመጣች የነገረችኝ ቀጭን ልጅ ደግሞ «እኔ ስመጣ አማርኛ አላውቅም ነበር። እሷ ናት ያስተማረችኝ፤ መቆጣትም፣ መሳቅም በእሷ ነው የለመድኩት» አለችና ከልቧ አለቀሰች። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም ይባላል፤ ሌሎቹም ተከተሏት። እኔም በዓመቷ ላይ ያልመጣልኝ እንባ በዚያ ሰዓት መጣ። ከዚያ ያቺ አዳራሹ በር ላይ የጠበቀችኝ መሪያቸው ስልኳን አወጣች። «ይኼ አለኝ። ሁሉም አጥፉ ሲሉ እሱን ማጥፋት አልቻልኩም።» ሌላዋም «እኔም አንድ አለኝ» አለች። ሳልጠይቃቸው፣ እየተቀባበሉ ወደ ስልኬ ላኩልኝ። በመካከሉ የእኔን ሴቶች እያስመሰሉ ሳቁብኝ፤ ጉንፋኑን ሳይቀር።

ገና እነሱ እያሉ ሱቀኛው ደወለ። ረቂቁ ለተጨማሪ ጥናት ተመልሷል፤ «አሸነፍን ጋሼ» አለኝ። እንኳን ደስ አለህ አልኩት። ያ ሙዚቀኛ ትዝ አለኝ፤ ያን ቀንም ሠርግ ቤት ይሆናል። ለሴቶቹ ስነግራቸው ደስ አላቸው፤ ግን ለቅሶ ቤት ነውና አላጨበጨቡም። የመጨረሻው ታክሲ ሳያመልጠን ብለው ሳይመሽ ተነሱ። «እግዜር ያጽናዎት» እያሉ ደረጃውን ወረዱ፤ ድምፃቸው ከታች እስኪጠፋ በሩ ላይ ቆምኩ።

ብርጭቆዎቹን አጠብኩ። አልጋው ላይ ተቀምጬ ከላኩልኝ አንዱን ከፈትኩ። ልጅቷ ሩቅ አገር ሄዳለች፤ አባቷ ጋ ትደውላለች። ባለቤቴ ተናገረች። አጠገቤ ያለች ያህል ጥርት ብሎ ይሰማል።

«አባዬ፣ ራት በላህ?»

አፌን ከፈትኩ። አልበላሁም ልላት ነበር፤ ከጠዋት ጀምሮ እህል አልቀመስኩም። ግን እኔ ከመናገሬ በፊት ያ ሰውዬ፣ ያኔ አጠገቧ የነበረው እኔ፣ በደስታ ድምፅ መለሰላት።

«በልቻለሁ ልጄ፣ ጠግቤአለሁ። ስለ እኔ አታስቢ።»

«እሺ» አለች፤ ስልኩንም ዘጋችው።